መዝገብ ውስጥ እያለ ‹የለም› የሚባል ስም
(በምሩቃን ማኅበራችን የመገናኛ በዓል ላይ የቀረበ ንግግር)



አዘጋጅ ኮሚቴው ‹ስለ ሙያህ አንድ ነገር ንገረን፤ ግን ኮምፒውተር ያልተማረውም እንዲከታተልህ አድርገው› ብሎኛል። ሁለተኛው ትእዛዝ ከመጀመሪያው ይከብዳል። ቢሆንም እሞክራለሁ። ሙያዬ ዳታቤዝ ነው፤ ከዳታቤዝም ውስጥ ለዛሬ የመረጥኩት ተጠቃሚው በዓይኑ የማያየውን ክፍል፣ ኢንዴክስን ነው። ለምን እሱን እንደመረጥኩ ወደ መካከሉ ስንደርስ ይገባችኋል።

ከእናንተ መካከል ዕድሜው የፈቀደለት የላይብረሪውን የካታሎግ መሳቢያዎች ያስታውሳል። ረጃጅም የእንጨት መሳቢያ፣ በውስጡ በዘንግ የታሰረ ካርድ። አንድ መጽሐፍ መደርደሪያው ላይ አንድ ቦታ ብቻ ነው የሚቀመጠው፤ ሁለት ቦታ ሊሆን አይችልም። ካርዱ ግን ሦስት ነበር፦ አንዱ በደራሲው ስም፣ አንዱ በመጽሐፉ ርእስ፣ አንዱ በጉዳዩ። ሦስቱም ካርዶች ጥግ ላይ አንድ ዓይነት የመደርደሪያ ቁጥር ነበራቸው። ተማሪው ሦስት መንገድ ነበረው፣ መድረሻው ግን አንድ ነው።

ኢንዴክስ ማለት ይኸው ነው፤ ምንም አልጨመርኩበትም። መረጃው ራሱ አንድ ቦታ ይቀመጣል። ከእሱ ጎን ሌላ ትንሽ ዝርዝር ይሠራል፤ ዝርዝሩ የሚፈለገውን ቃል በቅደም ተከተል ይይዝና ‹ሙሉው መዝገብ እዚህ ቦታ ነው ያለው› የሚል አድራሻ ይሰጣል። በአማርኛ አንዳንዶች ‹ማውጫ› ይሉታል። ማውጫ ግን በመጽሐፍ መጀመሪያ ላይ ምዕራፎችን በተራ የሚዘረዝረው ነው። ይሄኛው በመጽሐፍ መጨረሻ ላይ ‹ዓድዋ፣ ገጽ 41፣ 112፣ 207› እያለ የሚጠቁመው ነው። ብዙዎቹ የአማርኛ መጻሕፍት ይህ መጨረሻ ላይ የሚመጣው ነገር የላቸውም፤ አንባቢም ‹የሆነ ቦታ አንብቤው ነበር እኮ› እያለ ገጽ ሲገልጥ ያመሻል። እኔ በበኩሌ የታሪክ መጽሐፍ ያለ መጠቁም ባይታተም ደስ ይለኛል። ይህን በቅንፍ ያዙልኝ።

አሁን ትንሽ ሒሳብ እናድርግ። አንድ ዩኒቨርሲቲ 100,000 ምሩቃን አሉት እንበል። የእያንዳንዱ መዝገብ 200 ባይት ያህል ቢሆን፣ ዳታቤዙም በአንድ ጊዜ 8 ኪሎባይት የሚሆን ‹ገጽ› የሚያነብ ቢሆን፣ አንድ ገጽ 40 ሰው ይይዛል። ሁሉንም ለማየት 2,500 ገጽ ማንበብ ያስፈልጋል። አንድ ሰው ለመፈለግ 2,500 ገጽ! ኢንዴክስ ካለ ግን ነገሩ ይለወጣል። የኢንዴክሱ አንድ ገጽ 200 ስሞችን በቅደም ተከተል ይያዝ። የመጀመሪያው ገጽ ወደ 200 ሌሎች ገጾች ይጠቁማል፤ እያንዳንዳቸው ደግሞ ወደ 200። በሁለት እርከን 40,000፣ በሦስት እርከን 8 ሚሊዮን ስም ይደረሳል። ለእኛ 100,000 ምሩቃን ሦስት ገጽ ኢንዴክስና አንድ ገጽ መዝገብ፣ በድምሩ አራት ገጽ ይበቃል። ምሩቃኑ በ10 እጥፍ ቢጨምሩም አራቱ አራት እንደሆነ ነው።

ይህን አሠራር ያወጡት ሩዶልፍ ባየር እና ኤድዋርድ ማክሬይት የተባሉ ሁለት ተመራማሪዎች ናቸው። ሁለቱም በዚያን ጊዜ የቦይንግ የምርምር ላቦራቶሪ ሠራተኞች ነበሩ። ጽሑፋቸው በ1972 በፈረንጆቹ አቆጣጠር ታተመ፤ ስሙንም ‹ቢ-ትሪ› አሉት። ‹ቢ› ምን ማለት እንደሆነ ጽሑፉ ላይ አልተናገሩም፤ ተማሪዎቼ ቦይንግ ነው፣ ባየር ነው እያሉ እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። ከ50 ዓመት በኋላም ባንክ ቤት ገብታችሁ የሒሳብ ቁጥራችሁን ስትሰጡ ገንዘብ ተቀባዩ ቀና ሳይል ሚዛናችሁን የሚያገኘው በዚህ ዛፍ ወይም በልጆቹ ነው።

‹ታዲያ ለምን በሁሉም ነገር ላይ ኢንዴክስ አንሠራም?› የሚል አይጠፋም። ዋጋ አለዋ። አዲስ መዝገብ በገባ ቁጥር እያንዳንዱ ኢንዴክስ መስተካከል አለበት። መምህራን ውጤት በሚያስገቡበት ሳምንት ሲስተሙ የሚንፏቀቀው አንዳንዴ በዚህ ምክንያት ነው። ደግሞም በጾታ ላይ ኢንዴክስ ሠርቶ ‹ሴቶቹን አምጣ› ማለት መዝገቡን ግማሽ በግማሽ አምጣ ማለት ስለሆነ ጥቅም የለውም። ኢንዴክስ የሚረዳው ከብዙ ጥቂቱን ስንፈልግ ነው። ስም ደግሞ ለዚህ ተስማሚ ነው፣ ወይም ይመስላል።

እስቲ ወደ ስም እንግባ።

ኮምፒውተር ፊደል አያውቅም፤ ቁጥር ነው የሚያውቀው። የግዕዝ ፊደል በ1999 በፈረንጆቹ አቆጣጠር በወጣው ዩኒኮድ 3.0 ውስጥ ሲገባ እያንዳንዱ ፊደል የራሱን ቁጥር አገኘ። ከዚያ በፊት እያንዳንዱ ሶፍትዌር በራሱ መንገድ ስለሚጽፈው፣ አንዱ ቢሮ የጻፈው ሌላው ቢሮ ሲከፍተው የላቲን ፊደል ዝብርቅርቅ ይሆን እንደነበር የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ስለዚህ ዩኒኮድ ትልቅ ነገር ነው። ነገር ግን ‹ጸ› 4920 ሆነ፣ ‹ፀ› 4928 ሆነ። ‹ሠ› 4640፣ ‹ሰ› 4656። ‹ሀ› 4608፣ ‹ሐ› 4624፣ ‹ኀ› 4736። ለእኛ ጆሮ አንድ የሆነው ድምፅ ለማሽኑ እንደ ‹ለ› እና ‹ቀ› የተለያየ ነገር ነው። ኢንዴክሱም በእነዚህ ቁጥሮች ቅደም ተከተል ስለሚደረደር ‹ፀሐይ› እና ‹ጸሀይ› በአንድ ካርድ ላይ መሆናቸው ይቅርና አጠገብ ለአጠገብ እንኳ አይቀመጡም።

ነገሩ ስንት ድረስ እንደሚሄድ ለማየት ‹ኃይለ ሥላሴ› የሚለውን ስም ውሰዱ። የመጀመሪያውን ፊደል ሰዎች በስድስት መንገድ ሊጽፉት ይችላሉ፦ ሀ፣ ሃ፣ ሐ፣ ሓ፣ ኀ፣ ኃ። ‹ሥ› ወይ በንጉሡ ሠ ነው ወይ በእሳቱ ሰ፤ ‹ሴ› እንዲሁ። ከዚያ አንዱ ለይቶ ይጽፈዋል፣ ሌላው አያይዞ ‹ኃይለሥላሴ› ይለዋል። ስድስት በሁለት፣ በሁለት፣ በሁለት፦ 48። አንድ ስም፣ 48 አጻጻፍ። አባትየውም አያትየውም እንዲህ ዓይነት ስም ካላቸው እናንተው አባዙት።

ይህ የፊደል ሊቃውንት ጨዋታ ከመሰላችሁ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ስሙን የማልጠራው አንድ ትምህርት ተቋም ነው። ከዚያ የተመረቀች አንዲት ነርስ ከባሕረ ሰላጤው አገሮች በአንዱ ሥራ አገኘች። ቀጣሪዋ እንደ ደንቡ ዲፕሎማዋ እውነተኛ መሆኑን እንዲያረጋግጥለት ለተቋሙ ጻፈ። ደብዳቤው ላይ ስሟ በእንግሊዝኛ ፊደል፣ ፓስፖርቷ ላይ እንዳለው ነው። የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ስሙን ወደ አማርኛ መልሶ ‹ፀሐይ› ብሎ ጻፈ፤ ትክክለኛ አጻጻፍ ነው፣ መምህሩ ቢያየው ያመሰግነዋል። ከዓመታት በፊት መዝገቡን ወደ ኮምፒውተር ያስገባው ሰው ግን ‹ጸሀይ› ብሎ ነበር የጻፈው። ኮምፒውተሩ በቅጽበት መለሰ፦ 0 ውጤት።

እዚህ ላይ አንድ ትርጉም ተካሄደ። ማሽኑ ያለው ‹በዚህ አጻጻፍ የተመዘገበ አላገኘሁም› ነው። ሠራተኛው ይህን ‹የለችም› ብሎ ተረጎመው። ደብዳቤው ሲወጣ ደግሞ ‹ከተቋማችን አልተመረቀችም› ሆነ። ሦስት ዓረፍተ ነገር፣ ሦስት የተለያየ ነገር። ባሕር ማዶ የደረሰው ሦስተኛው ነው፤ እዚያ ደግሞ ትርጉሙ አንድ ብቻ ነው፦ ሐሰተኛ ዲፕሎማ።

እኅቷ ዋናውን ዲፕሎማ ይዛ ከቢሮ ቢሮ ስትመላለስ ከረመች። በመጨረሻ የደረሰላት አንድ አንጋፋ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነው። ጋሼ የሚሉት ሰው፣ ጡረታ ሊወጣ ወራት የቀሩት። ስሟን እንኳ በደንብ አልሰማም። ‹በስንት ዓመተ ምሕረት ገባች? የቀን ናት የማታ?› አለ። ከዚያ ትልቁን መዝገብ አወጣና ያን ዕለት ከሰዓት በኋላ አገኛት። ሥራው ግን እስከዚያ ለሌላ ሰው ተሰጥቶ ነበር።

እኔ የተጠራሁት ከዚህ በኋላ ነው፤ ‹ሲስተሙ ቀርፋፋ ነውና ኢንዴክስ ሥራልን› ተብዬ። ቀርፋፋ አልነበረም። ኢንዴክሱም ነበረ፣ በደንብም ይሠራ ነበር። ልብ በሉ፤ ኢንዴክስ መልስ ያፈጥናል እንጂ መልስ አይለውጥም። ኢንዴክሱን አጥፍተን 2,500ውንም ገጽ ብናስነብበው የሚመጣው ያው ‹የለም› ነው፤ ዘግይቶ የሚመጣ ‹የለም›። ችግሩ ዛፉ ላይ አልነበረም። ዛፉ ላይ ምን ተሰቀለ? ጥያቄው እሱ ነው።

መፍትሔው ራሱ አንድ ከሰዓት የሚፈጅ ሥራ ነው። ከስሙ ዓምድ ጎን ሌላ ዓምድ ይጨመራል፤ ‹የመፈለጊያ ቁልፍ› እንበለው። ኮምፒውተሩ ስሙን ይወስድና ሐን፣ ኀን፣ ሃን፣ ሓን፣ ኃን ወደ ሀ፤ ሠን ወደ ሰ፤ ዐን፣ ዓን፣ ኣን ወደ አ፤ ፀን ወደ ጸ እየመለሰ፣ ክፍተቱንም እያጠፋ ቁልፉን ይሠራል። ኢንዴክሱ የሚሠራው በቁልፉ ላይ ነው። ፈላጊው የሚጽፈው ስምም ከመፈለጉ በፊት በዚያው ወንፊት ያልፋል። ያን ጊዜ 48ቱ አጻጻፎች አንድ ካርድ ይሆናሉ። እንደ ፖስትግሬስ ያሉ ዳታቤዞች ተጨማሪ ዓምድ እንኳ ሳያስፈልጋቸው በወንፊቱ ውጤት ላይ በቀጥታ ኢንዴክስ መሥራት ይችላሉ።

ከሰዓቱን የፈጀው ይህ ነው። ሁለቱን ሳምንት የፈጀው ግን ክርክሩ ነው።

ስብሰባ ላይ አንድ ወገን ‹ለምን መዝገቡን በትክክለኛው ፊደል አናርመውም? አንድ ጊዜ ተስተካክሎ ይለቅ› አለ። ሌላው ‹ድምፁ አንድ ከሆነ ትርፉን ፊደል እናጥፋው› አለ። እኔ ሁለቱንም ተቃወምኩ፤ ዛሬም እቃወማለሁ። ሰው ዲፕሎማው ላይ በ‹ጸ› ከተጻፈ ዲፕሎማው ነው ማስረጃው፤ እኛ ተነስተን መዝገቡን በ‹ፀ› ብናርመው ከእጁ ካለው ወረቀት ጋር እናጣላዋለን። ፊደሉን ማጥፋትም እንዲሁ ቀላል ነገር አይደለም። በግዕዝ ‹ሠረቀ› ወጣ ማለት ነው፣ ለፀሐይ እንደምንለው፤ ‹ሰረቀ› ደግሞ ሌብነት ነው። ‹ድኅነት› መዳን ነው፣ ‹ድህነት› ምን እንደሆነ ደመወዝተኞች ስለሆናችሁ አልነግራችሁም። እና መዝገቡ እንደተጻፈ ይቀመጥ፤ ወንፊቱ ለመፈለጊያ ብቻ ይሁን። ማግኛው ልቅ፣ መዝገቡ ጥብቅ። በዚህ መንገድ ሲፈለግ አንዳንዴ ያልተፈለጉ ሁለት ሦስት ሰዎች አብረው ይመጣሉ። ይምጡ። ሠራተኛው በአባት ስምና በመግቢያ ዓመት ይለያቸዋል። ሦስት ትርፍ ስም ማየት አንድ ሰው ‹የለህም› ከማለት ይሻላል።

ቅደም ተከተልን በተመለከተ የቋንቋ ክፍል መምህራን እዚህ ስላሉ አንድ ነገር ልጨምር። በ1948 ዓ.ም. የታተመውን የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌን የግዕዝ መዝገበ ቃላት የተጠቀመ ሰው ሁለት ነገር ይገጥመዋል። አንደኛ፣ ተራው ሀ ለ ሐ መ ሳይሆን አ በ ገ ደ ነው። ሁለተኛ፣ ቃሉን የሚያገኘው ሥሩን ካወቀ ነው፤ እንደተባለ ወይም እንደሰማ ቢፈልገው አያገኘውም። ዩኒኮድ ሀ ለ ሐን ተከተለ። እንግዲህ ቅደም ተከተል ከሰማይ የወረደ አይደለም፤ ሰው ተቀምጦ የሚወስነው ነው። አለቃ የመዝገበ ቃላታቸውን ቁልፍ ራሳቸው መርጠዋል፣ ምክንያታቸውንም ተናግረዋል። እኛ የዳታቤዛችንን ቁልፍ ማን እንደመረጠልን አናውቅም፤ ብዙ ጊዜ ሶፍትዌሩን ስንጭን ‹ቀጥል› የሚለውን ተጭነን ያለፍነው ነገር ነው።

ወደ ስም ልመለስ፣ የአያት ጉዳይ አለ። መዝገብ ቤቶቻችን በራስ ስም፣ በአባት ስም፣ በአያት ስም ነው የሚደረድሩት፤ ድሮ የስልክ ማውጫውም እንደዚያ ነበር። በዚህ ተራ የተሠራ ኢንዴክስ የራስን ስም ለያዘ ሰው ይሠራል፤ የራስንና የአባትን ለያዘም ይሠራል። የአያትን ስም ብቻ ለያዘ ግን ዝግ ነው። ሁሉንም መሳቢያዎች ተራ በተራ ሳይከፍቱ ‹አያቱ ተሰማ የሆነውን ሁሉ አምጣ› ማለት እንደማይቻል ማለት ነው። የውጭ አገር ፎርም ደግሞ የሚጠይቀው ‹የቤተሰብ ስም› ነው። ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ያለው ወገናችን ፓስፖርቱ ላይ መጨረሻ የተጻፈውን፣ ብዙ ጊዜ የአያቱን ስም ይሞላል። ጥያቄው ተገልብጦ ይመጣል። ስለዚህ ሁለተኛ ኢንዴክስ፣ ከአያት የሚጀምር፣ ያስፈልጋል። ይህ የማይታለፍ ወጪ ነው፤ ወጪውም ትንሽ ነው። (ሐዲስ ዓለማየሁን በአንዱ ካታሎግ ‹ሐ› ውስጥ፣ በሌላው ‹ዓ› ውስጥ ፈልጎ የደከመ የሥነ ጽሑፍ ተማሪ ይህ ሳይነገረው ይገባዋል።)

የላቲኑ አጻጻፍ ሲጨመር ነገሩ ሌላ ነው። ስም በድምፁ ለመፈለግ ‹ሳውንዴክስ› የሚባል ዘዴ አለ፤ አሜሪካ ውስጥ በ1918 የፈጠራ መብት የተሰጠው፣ በኋላም ለሕዝብ ቆጠራ መዝገቦች ኢንዴክስ ያገለገለ ነው። የመጀመሪያውን ፊደል እንዳለ ይይዝና ሌሎቹን ተነባቢዎች ወደ ቁጥር ይለውጣል። ለእኛ አንዳንዴ ይረዳል፦ ‹ኃይሉ› በአይም ተጻፈ በዋይ ያው አንድ ኮድ ይወጣዋል። ‹ፀሐይ› ላይ ግን ይሰናከላል። በቲ እና ኤስ የጀመረው ሰው ‹ቲ 200› ይሆናል፣ በኤስ ብቻ የጀመረው ‹ኤስ 000›። ቲው ሲቀር ሰውየው ሌላ መሳቢያ ውስጥ ይገባል። የ‹ጸ›ን ድምፅ የማያውቅ ሰው የሠራው ወንፊት ነው፤ አይፈረድበትም። የእኛን ወንፊት እኛው መሥራት አለብን ማለት ነው። ለመመረቂያ ጽሑፍ ርእስ የሚፈልግ የኮምፒውተር ሳይንስ ወይም የኢንፎርሜሽን ሳይንስ ተማሪ ካላችሁ፣ መምህራን፣ ይኸው ሰጠኋችሁ።

የመመረቂያ ጽሑፎችን ነገር በአጭሩ ልንካውና ላብቃ። በጽሑፍ ውስጥ ቃል ለመፈለግ የሚሠራው ኢንዴክስ ሌላ ዓይነት ነው፤ እያንዳንዱን ቃል ይዞ የሚገኝባቸውን ሰነዶች ይዘረዝራል። በአማርኛ ግን ‹ትምህርት›ን የፈለገ ሰው ‹የትምህርት›ን፣ ‹በትምህርቱ›ን፣ ‹ለትምህርታቸው›ን፣ ‹ስለትምህርት›ን አያገኝም፤ ቃሉ ከፊት ልብስ ስለሚለብስ በየፊደሉ ተበትኖ ይቀመጣል። የ፣ በ፣ ለ፣ ከ እያሉ ማራገፍ ይረዳል። ግን ‹በሬ› ላይ ‹በ›ን ያራገፈ ፕሮግራም ‹ሬ› ይዞ ይቀራል። በቃል ዝርዝር እየተመሳከረ ካልተሠራ በሬውንም ያሳጣናል።

ያ ጋሼ ያልኳችሁ ሰው ጡረታ ወጥቷል። እሱ የያዘው ኢንዴክስ፣ ማለትም የትኛው ባች በየትኛው መዝገብ፣ የትኛው ዓመት መዝገቡ እንደተቀዳደደና እንደገና እንደተገለበጠ፣ የትኛው ጸሐፊ ‹ሠ›ን ፈጽሞ የማይጽፍ እንደነበር፣ በጭንቅላቱ ነበር። ከመውጣቱ በፊት ሦስት ቀን አብሬው ተቀምጬ ጻፍኩ። ሦስት ቀን ለ30 ዓመት አይበቃም፤ ግን የመግቢያ ዓመትና የትምህርት ክፍል በአንድ ላይ የሚፈለጉበትን ኢንዴክስ ያሠራኝ እሱ ነው። እኔ ስም ላይ አፍጥጬ ሳለ እሱ ስምን ጨርሶ አይጠይቅም ነበር።

አሁን ወደ ራሳችን። ማኅበራችን የአባላት መዝገብ ወደ ዳታቤዝ ሊያስገባ ነው፤ ኮሚቴውም እንዳግዝ ጠይቆኛል። በሩ ላይ ያለው ቅጽ ተሻሽሏል። የራስ፣ የአባትና የአያት ስም ሦስት የተለያየ ሳጥን አላቸው። ዲፕሎማችሁ ላይ እንደተጻፈ ጻፉት፣ ስህተትም ቢሆን። ቀጥሎ ያለው ሳጥን ፓስፖርት ላይ ያለው የላቲን አጻጻፍ ነው፤ ሁለት ፓስፖርት ላይ ሁለት ዓይነት ከተጻፈ ሁለቱንም። ከዚያ የመግቢያ ዓመት በኢትዮጵያ አቆጣጠር፣ የትምህርት ክፍል፣ የቀን ወይም የማታ። ከተመረቃችሁ በኋላ ስም የለወጣችሁ ካላችሁ የድሮውም ይጻፍ። እስክሪብቶ ጠረጴዛው ላይ አለ፤ ሻዩ ከመጠጣቱ በፊት ብትሞሉት ደግ ነው፤ ከሻይ በኋላ ሰው እንደሚበተን አውቃለሁ።